ወደ ሰው ሕልም ስለ መግባት፦ የአንድ ጥንታዊ ምኞት ታሪክ

የባቢሎን ንጉሥ ናቡከደነፆር በነገሠ በሁለተኛው ዓመት ሕልም አልሞ መንፈሱ በታወከና እንቅልፍ በራቀው ጊዜ፥ የግዛቱን አስማተኞችና የከለዳውያንን ጠቢባን ሁሉ አስጠርቶ፥ ከእርሱ በፊት የነበሩ ነገሥታት ከአዋቂዎቻቸው ከቶ ያልጠየቁትን ነገር ጠየቃቸው፤ ይኸውም የሕልሙን ፍቺ ብቻ ሳይሆን ያየውን ሕልም ራሱን እንዲነግሩት ነበር። ሕልሙን የሰማ ሰው ፍቺ መፍጠር እንደማያዳግተው ንጉሡ ጠንቅቆ ያውቅ ነበርና፥ በመኝታው ላይ ብቻውን ሳለ ያየውን ሌላ ሰው ካላየለት በቀር የማንንም ቃል ላያምን ቈርጦ ነበር። ጠቢባኑ ይህ ለሥጋ ለባሽ የማይቻል ነው ብለው ቢከራከሩ የሞት ፍርድ ወጣባቸው። ዳንኤል ግን ጊዜ ለምኖ፥ ከሦስቱ ባልንጀሮቹ ጋር ጸሎት ይዞ፥ ምሥጢሩ በሌሊት ራእይ ከተገለጠለት በኋላ፥ ራሱ የወርቅ፥ ደረቱ የብር፥ እግሩ ከፊሉ ብረት ከፊሉም ሸክላ የሆነውን ታላቅ ምስል፥ ከንጉሡ ጎን ቆሞ ያየ ያህል አድርጎ ተረከለት።

ይህ ጥያቄ ከሁለት ሺህ ዓመት በላይ ቆይቶ በዘመናችን በልብ ወለድ መልክ ተመልሶ መጥቷል። ክሪስቶፈር ኖላን የተባለው የእንግሊዝ ተወላጅ የፊልም አዘጋጅ በ2010 ዓ.ም. ባወጣው «ኢንሴፕሽን» በተሰኘ ፊልም ውስጥ፥ በሻንጣ ተይዞ የሚዞር አንድ መሣሪያ አለ፤ ከእርሱ በሚወጡ ቀጫጭን ቱቦዎች የእንቅልፍ መድኃኒት በክንዳቸው እየገባ የሚተኙ ሰዎች ሁሉ በአንድ ሕልም ውስጥ ይገናኛሉ፤ አንዱ የሕልሙን ከተማና ጎዳና አስቀድሞ ይነድፋል፥ ሌላው ሕልሙን ያልማል፥ ምሥጢሩ የሚፈለገው ሰው ግን ሕልም ውስጥ መሆኑን እንኳ ሳያውቅ የልቡናውን መዝገብ በገዛ እጁ ይከፍትላቸዋል። ብዙ ሰዎች ይህን ፊልም አይተው ከኮምፒዩተር ዘመን የተወለደ አዲስ ሐሳብ መስሏቸዋል። በእኔ አስተያየት ግን ሐሳቡ እጅግ ጥንታዊ ነው፤ አዲሱ ነገር የሥልጣኑ መገለባበጥ ነው። የቀደሙት ሰዎች ወደ ሕልም የሚገቡበትን መንገድ ሲያበጁ ተኚው በፈቃዱ እንዲሄድ፥ እንዲነጻና እንዲጠይቅ ሥርዓት ሠርተው ነበር፤ የዘመናችን ልብ ወለድ ግን ተኚው ሳይፈቅድ ሌላው የሚገባበትን መሣሪያ አሰበ። ከዚህ በታች ያለው ታሪክ ይህ መገለባበጥ እንዴት እንደ መጣ የሚያሳይ ነው፤ የሚጠቀሱትም ዓመታት ሁሉ በአውሮጳውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከሁሉ ቀድመው ሕልምን እንደ መንግሥት ጉዳይ በጽሕፈት ያኖሩት የሁለቱ ወንዞች ምድር ሰዎች ናቸው። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ2100 ዓ.ም. ገደማ ላጋሽ የተባለችውን ከተማ ይገዛ የነበረው ጉዴዓ፥ ኒንጊርሱ የተባለው አምላኩ በሕልም ተገልጦ ቤተ መቅደስ እንዲሠራለት እንዳዘዘው በሁለት ታላላቅ የሸክላ ጥቅሎች ላይ አስጽፏል፤ ጥቅሎቹም ዛሬ በፓሪስ በሉቭር ቤተ መዘክር ይገኛሉ። የመጀመሪያው ሕልም ግልጽ ስላልሆነለት ናንሼ ወደምትባለው አምላክት መቅደስ በጀልባ ተጉዞ ፍቺ ጠየቀ፤ ከዚያም መሥዋዕት አቅርቦ፥ ጸሎት አድርጎ፥ ሁለተኛ ሕልም ይመጣለት ዘንድ ሆን ብሎ ተኛ። በግብፅም ከክርስቶስ ልደት በፊት በ13ኛው መቶ ዓመት የተጻፈና ዛሬ በብሪታንያ ቤተ መዘክር የሚገኝ የፓፒረስ መጽሐፍ፥ ሰው በሕልሙ ራሱን እንዲህ ወይም እንዲያ ሲያደርግ ቢያይ ምን እንደሚሆን ተራ በተራ ይዘረዝራል፤ ጸሐፊው «ክፉ» የሚለውን ፍርድ በቀይ ቀለም እየለየ ጽፎታል። የዮሴፍን ታሪክ የሚያውቅ አንባቢ፥ የፈርዖን ጠቢባን በሰባቱ ላሞችና በሰባቱ እሸቶች ፊት ዝም ማለታቸው ምን ያህል ታላቅ ውርደት እንደ ነበረ ከዚህ መጽሐፍ ይረዳል፤ ሕልም መፍታት በዚያ አገር የተማረ ሰው ሙያ ነበርና።

ይህ ልማድ ወደ ሙሉ ሥርዓት ያደገው ግን በግሪክ አገር፥ ኤጲዳውሮስ በተባለ ሥፍራ፥ አስክሌጲዮስ በሚሉት የፈውስ አምላክ መቅደስ ነው። ሕመምተኛው ከሩቅ አገር መጥቶ በመቅደሱ ውኃ ይታጠባል፥ መሥዋዕቱን ያቀርባል፥ ከዚያም ያልነጻ ሰው ሊገባበት በማይችል «አባቶን» በተባለ አዳራሽ ውስጥ ከሌሎች ሕመምተኞች ጋር ተኝቶ ያድራል፤ አምላኩም በሕልም መጥቶ እንዲቀድለት፥ እንዲቀባው ወይም መድኃኒት እንዲያዝለት ይጠብቃል። ሲነጋ ያየውን ይናገራል፤ የተፈወሰም ስጦታ ሰጥቶ ታሪኩ በድንጋይ ላይ እንዲቀረጽ ይደረጋል። ጳውሳንያስ የተባለው ተጓዥ ጸሐፊ በ2ኛው መቶ ዓመት ከክርስቶስ ልደት በኋላ ወደዚያ ሲደርስ፥ ከድንጋዮቹ ስድስቱ ብቻ ቆመው አገኘ። ፓናዮቲስ ካቫዲያስ የተባለው የግሪክ አርኬዎሎጂ ሊቅ በ1881 ዓ.ም. ቁፋሮ ከጀመረ በኋላ ከእነዚህ ድንጋዮች አንዳንዶቹ ተገኝተው፥ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ4ኛው መቶ ዓመት የተቀረጹ 70 ያህል ታሪኮች ለማንበብ በቅተዋል። ከእነርሱ አንዱ አምብሮስያ ስለ ተባለች አንድ ዓይኗ ስለ ታወረ የአቴና ሴት ይናገራል፤ ይህች ሴት በመቅደሱ እየተዘዋወረች አንካሳና ዕውር በሕልም ብቻ ይድናሉ መባሉን ስትሰማ ሳቀች፤ በተኛች ጊዜ ግን አምላኩ እንደሚያድናት፥ ስለ ድንቁርናዋም መታሰቢያ የሚሆን ከብር የተሠራ አሳማ በመቅደሱ እንድታኖር ሲነግራት አየች፥ ሲነጋም ድና ወጣች ይላል። የማያምን ሰው ሳቅ ሳይቀር በድንጋይ ተቀርጾ ለሕዝብ መታየቱ፥ መቅደሱ ምሥክርነቱን በአደባባይ ማኖር እንደ ወደደ ያሳያል።

ከነዚህ ድንጋዮች መካከል ለጉዳያችን ከሁሉ የሚበልጠው ግን አራታ የተባለች የላቄዴሞን ልጅ ታሪክ ነው። አራታ ሰውነቷ ውኃ በመቋጠር ሕመም ተይዛ ከቤቷ መውጣት ስላልቻለች፥ እናቷ ስለ እርሷ ወደ ኤጲዳውሮስ ሄዳ በመቅደሱ ተኛች። በሕልሟም አምላኩ የልጅቱን ራስ ቈርጦ፥ ገላዋን አንገቷ ወደ ታች እንዲሆን አድርጎ ሲሰቅላትና፥ ብዙ ውኃ ከፈሰሰ በኋላ ራሷን ወደ ቦታው ሲመልሰው አየች። እናቲቱ ወደ አገሯ በተመለሰች ጊዜ ልጇን ድና አገኘቻት፤ ልጅቱም በቤቷ ተኝታ ሳለች ያንኑ ሕልም አይታ ነበር። ታሪኩን እንደ ተአምር የሚቀበለው ይቀበለው፥ የማይቀበለውም ይተወው፤ እኔን የሚያስደንቀኝ ግን ከዛሬ 2300 ዓመት በፊት ሁለት ሰዎች በአንድ ሕልም ውስጥ የተገናኙበት ታሪክ በድንጋይ መቀረጹ፥ ከዚያም በላይ የተገናኙበት ምክንያት ነው። እናት ወደ ልጇ ሕልም የገባችው ምሥጢሯን ልትሰርቅ ወይም ሐሳብ ልትተክልባት አይደለም፤ ልጇ መሄድ ወዳልቻለችበት ሥፍራ ስለ እርሷ ሄዳ ልትለምንላት ነው። በጴርጋሞን ከተማ በ2ኛው መቶ ዓመት የነበረው የንግግር ሊቅ ኤልዮስ አርስቲዴስም ስለ ረጅም ሕመሙ በጻፈው መጽሐፍ፥ ከመቅደሱ አገልጋዮች አንዱ በዚያው ሌሊት ከእርሱ ሕልም ጋር የሚስማማ ሕልም እንዳየ ይተርካል፤ መድኃኒቱን ለመጠጣት የደፈረውም ሁለቱ ሕልሞች ሲስማሙ አይቶ ነው። የጋራ ሕልም በዚያ ዘመን ማስረጃን ማረጋገጫ ነበር።

ክርስትና በተስፋፋ ጊዜ ጣዖቱ ወደቀ፥ ለፈውስ በተቀደሰ ሥፍራ የማደሩ ልማድ ግን በሌላ መንፈስ ቀጠለ። በእስክንድርያ አጠገብ በምትገኘው በመኑቲስ፥ የሰማዕታት የአቡቂርና የዮሐንስ ዐፅም ባረፈበት ቤተ ክርስቲያን ሕሙማን ተኝተው ሰማዕታቱን በሕልም ያዩ ነበር፤ ኋላ የኢየሩሳሌም ፓትርያርክ የሆነው ሶፍሮንዮስ የዓይን ሕመሙ በዚያ ስለ ተፈወሰለት 70 ተአምራታቸውን ጽፎ ትቷል፤ የሰማዕቱ የአቡቂር ስምም እስከ ዛሬ በዚያ ባሕር ዳር በአቡ ቂር ከተማ ሲጠራ ይኖራል። በእኛም አገር ሱባዔ ይዞ ጠበል የሚጠመቅ ምእመን በሌሊት ያየውን ለንስሓ አባቱ መንገሩ የታወቀ ነው። ክብረ ነገሥትም የጽዮንን ታቦት ታሪክ ሲተርክ፥ ሰሎሞን ከንግሥተ ሳባ ጋር ባደረበት ሌሊት፥ በእስራኤል ላይ ስታበራ የነበረች ፀሐይ ተነሥታ ወደ ኢትዮጵያ ስትሄድ በሕልሙ እንዳየ ይናገራል። በነዚህ ሁሉ ውስጥ ሕልም ከላይ የሚሰጥ ነገር ነው፤ ሰው ይለምነዋል፥ ይቀበለዋል፥ ያስፈታዋል እንጂ አያዝዘውም። «ሕልም እንደ ፈቺው ነው» የሚለው የአባቶች ቃልም ይህንኑ ያስጠነቅቃል፤ የሌላውን ሕልም የሚዳስስ ሰው በእጁ ታላቅ ኃላፊነት አለና፥ ቃሉን ሊመዝን ይገባዋል።

ነገር ግን በራሳችን ታሪክ ውስጥ የዚህ ተቃራኒ የሆነ ልማድም እንደ ነበረ መሸሸግ አይገባም። ሌባ ሻይ በተባለው አሠራር አንድ ልጅ መድኃኒት እንዲጠጣ ተደርጎ ራሱን ከሳተ በኋላ በመንደሩ ይለቀቅ ነበር፤ ገብቶ የወደቀበትም ቤት ባለቤት ሌባ ተብሎ ይያዝ ነበር። ልጁ ያየውን አያውቅም፥ ሲነቃም አይጠየቅም፤ ተከሳሹም የሚከራከርበት ቃል የለውም። የደነዘዘ ልቡና በራሱ ፈቃድ ሳይሆን በሌላ ሰው እጅ ለፍርድ ሲውል ምን ያህል ግፍ እንደሚያመጣ ከዚህ የበለጠ ትምህርት የለም።

ወደ አውሮጳ ብንመለስ፥ የ19ኛው መቶ ዓመት ሊቃውንት ሕልምን ከመቅደስ ወደ መኝታ ክፍላቸው አምጥተው መሞከሪያ አደረጉት። አልፍሬድ ሞሪ የተባለ ፈረንሳዊ በ1861 ዓ.ም. ባሳተመው መጽሐፍ፥ ተኝቶ ሳለ ረዳቱ ሽቶ ሲያሸተው በካይሮ በአንድ ሽቶ ሻጭ ሱቅ ውስጥ ራሱን በሕልም እንዳገኘ ጽፏል። ከእርሱ የሚበልጠው ግን ሕልሙን ከ13 ዓመት ዕድሜው ጀምሮ ሲመዘግብ የኖረውና በቻይና ቋንቋ ሊቅነቱ የታወቀው ማርኲስ ኤርቬ ደ ሳን ደኒ ነው። ይህ ሰው በ1867 ዓ.ም. ስሙን ሳይገልጥ ባሳተመው፥ ሕልምን ስለ መምራት በሚናገር መጽሐፉ የሚከተለውን ሙከራ ይተርካል። በዳንስ ግብዣ ላይ ከሁለት ወይዛዝርት ጋር ሲደንስ፥ ከአንዲቱ ጋር አንድ የታወቀ ዋልስ፥ ከሌላይቱም ጋር ሌላ ዋልስ ብቻ እንዲመታ ከሙዚቀኞቹ አለቃ ጋር ተስማማ። ከዚያም ከማንቂያ ሰዓት ጋር የተያያዘ የሙዚቃ ሣጥን በመኝታው አጠገብ አኑሮ፥ በሌሊት ከዋልሶቹ አንዱ ሲጫወት የዚያ ዋልስ ባለቤት የሆነችው ወይዘሮ በሕልሙ ትመጣ ነበር። እነሆ፥ ሕልምን በሰዓት ቈጥሮ ከውጭ የሚነካ ማሽን በታሪክ ውስጥ ገባ። ሆኖም ተኚውም፥ ሣጥኑንም ያዘጋጀው ያው አንድ ሰው ነበር።

የሥነ ጽሑፍ ሰዎች ከዚህ ርቀው ሄዱ። ጆርጅ ዱ ሞርዬ በ1891 ዓ.ም. ባሳተመው «ፒተር ኢበትሰን» በተባለ ልብ ወለድ፥ በሰው መግደል ለዕድሜ ልኩ የታሰረ ሰው ከልጅነት ወዳጁ ጋር ሌሊት ሌሊት በአንድ ሕልም እየተገናኘ፥ በፓሪስ አጠገብ የነበረውን የልጅነት አትክልት ሥፍራቸውን ለብዙ ዓመታት አብረው ይጎበኛሉ፤ መሣሪያቸውም ፍቅርና የመኝታ አኳኋን ብቻ ነው። በ1966 ዓ.ም. የአሜሪካዊው የሮጀር ዜላዝኒ መጽሐፍ ሲወጣ ግን የሌላውን ሕልም የሚሠራው የአእምሮ ሐኪም ሆኖ፥ በማሽን ታግዞ ሕመምተኛውን ሊፈውስ ይገባል፤ ከአንዲት ዕውር ሐኪም ሕልም ጋር ሲታገልም ራሱን ያጣል። ኧርሱላ ለጒን በ1971 ዓ.ም. የጻፈችው ልብ ወለድ ደግሞ፥ ሕልሙ ዓለምን የሚለውጥ አንድ ሰው በሐኪሙ እጅ ወድቆ፥ ሐኪሙ በበጎ ሐሳብ ተነሥቶ የዓለምን ችግር ሁሉ በሰውየው ሕልም ለማስተካከል ሲሞክር አንዱን መከራ በሌላ መከራ እንደሚለውጥ ያሳያል። ጃፓናዊው ያሱታካ ጹጹይ በ1993 ዓ.ም. ባወጣው «ፓፕሪካ» ለሕክምና የተሠራው የሕልም መሣሪያ ይሰረቃል። በኖላን ፊልም ደግሞ መሣሪያው ወታደሮች እርስ በርሳቸው እንዲዋጉበት የተፈጠረ ነበር ይባላል፤ ከዚያም ለነጋዴዎች በሚያገለግሉ ሌቦች እጅ ገብቶ፥ የአንድ ባለጠጋ ወራሽ የአባቱን ኩባንያ በገዛ እጁ እንዲበትን ሐሳብ ለመትከል ይውላል። ተኚዎቹን ከሕልም የሚጠራቸው ምልክት ደግሞ የኤዲት ፒያፍ ዘፈን ነው፤ የማርኲሱ የሙዚቃ ሣጥን ከአንድ መቶ አርባ ዓመት በኋላ አገልግሎቱን ለውጦ ተመለሰ። የእነዚህን መጻሕፍት ተራ ልብ ብሎ የሚያይ ሰው፥ ወደ ሕልም መግባት በፍቅር ጀምሮ ወደ ሕክምና፥ ከሕክምናም ወደ ስርቆት እንደ ወረደ ይረዳል።

ሳይንስ በበኩሉ በዝግታ እየተራመደ ነው። በ1953 ዓ.ም. በቺካጎ ዩጂን አሰሪንስኪና መምህሩ ናትናኤል ክላይትማን፥ የተኛ ሰው ዓይኖቹ በሽፋሽፍቱ ሥር በፍጥነት የሚንቀሳቀሱበት ጊዜ እንዳለና ያን ጊዜ የተቀሰቀሰ ሰው ብዙውን ጊዜ ሕልም እንደሚናገር አስታወቁ። ኤፕሪል 12 ቀን 1975 ዓ.ም. በእንግሊዝ አገር በሀል ዩኒቨርሲቲ ኪት ኸርን የተባለው ተመራማሪ፥ ሕልም ውስጥ መሆኑን ያወቀ አንድ ተኚ አስቀድሞ በተስማሙበት ምልክት ዓይኖቹን ግራና ቀኝ ሲያንቀሳቅስ መዘገበ፤ ስቲቨን ላበርዥም በስታንፎርድ በ1981 ዓ.ም. ይህንኑ አሳትሞ አስፋፋው። በ2013 ዓ.ም. በጃፓን የዩኪያሱ ካሚታኒ ቡድን የሦስት ተኚዎችን አንጎል ሥራ በመሣሪያ አንብቦ፥ ያዩት ነገር ቤት ይሁን ወይም ሰው፥ በጠቅላላ ዓይነቱ ብቻ ከግምት በተሻለ ሁኔታ ሊለይ ቻለ። በ2021 ዓ.ም. ደግሞ በአሜሪካ፥ በፈረንሳይ፥ በጀርመንና በሆላንድ ያሉ አራት የምርምር ቡድኖች 36 ሰዎችን አስተኝተው ጥያቄ ጠየቋቸው፤ ከስምንት ስድስት ሲቀነስ ስንት ይቀራል ለሚለው አንድ ተኚ በዓይኑ ሁለት ጊዜ መለሰ። ስለ ሙከራው ልክ የሚነገረው ቁጥር ግን ትሕትናን ያስተምራል፤ ተኚዎቹ ሕልም ላይ መሆናቸውን በምልክት ካረጋገጡ በኋላ ከቀረቡት 158 ጥያቄዎች ትክክለኛ መልስ ያገኙት ከአምስት አንድ እጅ አልሞሉም።

ስለዚህ የኖላን ሻንጣ ዛሬም ልብ ወለድ ነው፤ የሁለት ሰዎችን ሕልም አንድ የሚያደርግ መሣሪያ በዓለም ላይ የለም። ሆኖም ለመሣሪያው ሳይጠብቅ ፍላጎቱ ቀድሞ ደርሷል። በዚያው በ2021 ዓ.ም. በአሜሪካ አንድ የቢራ ጠማቂ ኩባንያ፥ ሰዎች ከመተኛታቸው በፊት የተዘጋጀ ፊልም አይተው፥ ሌሊቱንም የተዘጋጀ ድምፅ እየሰሙ፥ የመጠጡን ማስታወቂያ በሕልማቸው እንዲያዩ ጋብዞ ነበር፤ 40 ያህል የእንቅልፍና የሕልም ተመራማሪዎችም ሕልም የንግድ መጫወቻ እንዳይሆን ሕግ እንዲወጣ የሚጠይቅ ግልጽ ደብዳቤ ጻፉ።

እኔም ድምፄን ከእነርሱ ጋር አኖራለሁ፤ ምክንያቴንም ከታሪኩ እወስዳለሁ። በኤጲዳውሮስ የተኛ ሰው በገዛ እግሩ ወይም ስለ እርሱ በተጨነቀ ዘመዱ እግር ይመጣ ነበር፤ ከመግባቱ በፊት ነጽቶ ምን እንደሚፈልግ ያውቅ ነበር፤ ያየውን ሲነጋ ራሱ ይናገር ነበር፤ የተናገረውም ማንም ሊያነበውና ሊስቅበት በሚችል ድንጋይ ላይ ይጻፍ ነበር። ፈቃድ፥ ዝግጅት፥ የተኚው የራሱ ቃልና የአደባባይ ምሥክርነት፥ እነዚህ አራቱ ሥርዓቶች አንድ የአረማውያን መቅደስ እንኳ ሳይጥሳቸው ለብዙ መቶ ዓመታት የኖሩ ናቸው። በሌባ ሻይ ልጅ ላይ ግን አራቱም ተጥሰው ነበር፤ በፊልሙ ወራሽ ላይም እንደዚሁ ናቸው። ሰው ሲነቃ ይከራከራል፥ እምቢ ይላል፥ ይሸሻል፥ ዳኛ ይጠራል፤ ሲተኛ ግን ይህ ሁሉ መከላከያ ከእጁ ይወድቃልና፥ ሕግ የነቃውን ሰው ከሚጠብቀው ይልቅ የተኛውን አብልጦ ሊጠብቀው ይገባል። ሐኪሞች በሕልም ቅዠት የሚሠቃየውን ሰው ለመርዳት የሚያደርጉትን ምርምር ልንደግፍ ይገባናል፤ ነገር ግን ነቅቶ ሳለ ያልፈቀደውን ሰው እንቅልፍ ለንግድም፥ ለፍርድም፥ ለፖለቲካም መንካት ወንጀል መሆኑ፥ መሣሪያው ገና በልብ ወለድ ውስጥ ሳለ ከዛሬ ጀምሮ በግልጽ ቃል ሊደነገግ ይገባል።